የሐሙሱ ካፖርት

ብርሃነመስቀል በካሜራው ሥር በግንባሩ ተደፍቷል። የመብራቱ የብረት መቆሚያ ማጅራቱን ሰብሮታል፤ ካሜራው ውስጥ የነበረው ቴፕ የለም።

የ፲፱፻፺፯ ሚያዝያ ወበቅ በሚዛን ተፈሪ ላይ ተጭኗል። ኢንስፔክተር ንጋቷ በእንግዳ ማረፊያው ክፍል ቆማ ሟቹን አስተዋለች። ሃያ ዓመት ሙሉ ሰው የረሳውን፣ ወይም ረሳሁ የሚለውን፣ በዘጋቢ ፊልም ሲቆፍር የኖረ ሰው ነው። የመጨረሻው ፊልም ግን የራሱ ነበር፦ በደርግ ዘመን ከዚህች ከተማ ተወስደው የቀሩት መምህር አባቱ የት እንደ ተቀበሩ ማወቅ። ማጂ ከተማ የሚኖሩት እናቱ እማማ በየነች አፅሙን ሳላይ ተዝካር አላወጣም ብለው ሃያ ሰባት ዓመት ጠብቀዋል።

«ሰባት ሰዓት ላይ ሻይ ሳደርስለት ደኅና ነበር» አለች የማረፊያው ባለቤት ዙሌይካ። «ዘጠኝ ላይ ከገበያ ስመለስ... ያ ረቢ! ጩኸቴን የሰማ ሁሉ መጣ።»

የካሜራ ባለሙያው ሙሴ ከጧት ጀምሮ ቴፒ ሲቀርጽ ውሎ አሁን መግባቱን የአውቶቡሱ ሹፌር መሰከረለት።

የሟቹ አባት የልብ ወዳጅ የነበሩት ጋሽ ካሣዬ በግራጫ የሱፍ ካፖርታቸው ውስጥ ላብ ያጠምቃቸዋል።

«ከሐሙሱ ቀረጻ ወዲህ አላየሁትም፣ ልጄ። ቡናዬን ስኮተኩት ጩኸት ሰማሁ፤ ዶማዬን ጥዬ እንዳለሁ መጣሁ።»

ዙሌይካ በኀዘኗ መሐል እንኳ አላስቻላትም። «ከሠርግና ከቀብር በቀር ሳጥን የማይለቀውን ካፖርት ለብሰው? ቡናው ሊዳር ነው እንዴ፣ ጋሼ?»

«ብርድ ብርድ ብሎኝ ነው» አሉ አጭር አድርገው።

ንጋቷ የሐሙሱን ቴፕ አስከፈተች። ጋሽ ካሣዬ ያንኑ ካፖርት ለብሰው የወዳጃቸውን ደግነት ያወሳሉ፤ «ከዚያስ?» ሲባሉ አሳላቸው፤ ቀረጻው ተቋረጠ።

«ብርሃነመስቀል ወሬውን ላልጨረሰ ሰው ምን ይለው ነበር?» ስትል ሙሴን ጠየቀችው።

«‹ያንኑ ልብስ ለብሰው ይምጡ› ነዋ! አለዚያ ቀረጻው ሲቀጣጠል ሰውየው በአንድ ዓረፍተ ነገር መሐል ልብስ የለወጠ ይመስላል።»

ሦስቱንም በካሜራው ፊት አስቀመጠቻቸው።

«ቴፑ መወሰዱ ሟቹ ሲቀርጽ መገደሉን ይነግረናል» አለች። «ሙሴ ቴፒ ነበር። ዙሌይካ ለካሜራ ቃሏን ሰጥታ አታውቅም፤ ቴፕ ምን ያደርግላታል? ጋሽ ካሣዬ፣ ከኩትኳቶ እንዳለሁ መጣሁ አሉን፤ በሱፍ ካፖርት ግን ቡና አይኮተኮትም። የለበሱት ለካሜራው ነው። ሩቅ ሳይሄዱ ጩኸቱ ደረሰብዎ፤ ከሰው ጋር ተቀላቀሉ። በዚህ ወበቅ ያላወለቁትም ቴፑ ኪስዎ ውስጥ ስላለ ነው።»

ሽማግሌው ከውስጥ ኪሳቸው ቴፑን አውጥተው ጉልበታቸው ላይ አኖሩት።

«‹አባቴን ማን እንደ ጠቆመ አልጠይቅዎትም፤ ቦታውን ብቻ ይንገሩኝ› ብሎኝ ወደ ካሜራው አጎነበሰ። ቦታውንማ የሚያውቅ ጉድጓዱን ያስቆፈረ ብቻ ነው፣ ልጄ።»

ንጋቷ ለሙሴ ምልክት ሰጠችው። አዲስ ቴፕ ከተተ።

«እማማ በየነች እየጠበቁ ነው» አለች። «ካቆሙበት ይቀጥሉ። ልብስዎ እንደ ሆነ ያው ነው።»

ጋሽ ካሣዬ የካፖርታቸውን የላይኛውን ቁልፍ ቆለፉ።

«ወደ ሸዋ ቤንች በሚወስደው መንገድ» አሉ፣ «ከድልድዩ በታች...»