ወደ በሩ የዞረው ካሜራ

ኪዱ ገሠሠ እንሴኖ በሚገኝ የበርበሬ መጋዘን ውስጥ ሞቶ ሲገኝ ካሜራው ገና ይቀርጽ ነበር። ኢንስፔክተር ተናኘወርቅ ከቡታጅራ የደረሰችው ሰፈሩ ገዳዩን ከመረጠ በኋላ ነው። ሰዎች ራምዚን ከበው ድንጋይ አንስተዋል።

ራምዚ ከወልቂጤ የመጣ ተዋናይ ነው። እሱ፣ ኪዱና ጓደኞቻቸው የሚሠሩት አስፈሪ ፊልም ነበር፦ አንድ ካሜራ ያዥ አደገኛ እንግዳ ሰው እየተከተለ ሲቀርጽ ይጠፋል፤ የሚገኘው ቅጂው ብቻ ነው። ካሜራ ያዡ ኪዱ፣ እንግዳው ራምዚ። ማስታወቂያው በቴሌግራም ከተለቀቀ ወዲህ የራምዚን አስፈሪ ሳቅ የማያውቅ የለም። ትወና ነው ብሎ የሚከራከርለት ግን ጠፋ።

ተናኘወርቅ ለሰፈር ወሬ ትዕግሥት የላትም። ራምዚን ከድንጋዩ አስጥላ መኪና ውስጥ አስገባችው።

«በሩን የቀረቀርከው አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ። በፊልሙ እንግዳው ነው የሚቆልፍበት። ወላሂ፣ ኪዱ ራሱ ነው ብጮኽም ብለምንም አትክፈቱ ያለው።»

«የምር ቢቸግረውስ?»

«ካሜራውን ያስቀምጣል። ምልክታችን እሱ ነበር። ካሜራው የሚቀርጸውን ሃኒ በስልኳ ታየዋለች፤ ክፈት ስትለኝ ልከፍት ነበር።»

ሃኒ የፊልሙ ዳይሬክተር፣ የኪዱም እጮኛ ናት። ምስሉ ስልኳ ላይ ተቋርጦ ምንም እንዳላየች፣ ራምዚና ኪዱም ጠዋት ተጣልተው እንደነበር ተናገረች። የኪዱ የአስም ኢንሄለር ቦርሳዋ ውስጥ ነበር። ሁሌም የምትይዝለት እሷ ናት።

ሐኪሙ የሞቱ ምክንያት አስሙ መሆኑን አረጋገጠ። አስሙን የቀሰቀሰው ደግሞ የከሰል ምድጃው ላይ ያረረ በርበሬ ነው። ለፊልሙ ጭስ ተብሎ እርጥብ የእንሰት ቅጠል ተደርጎበት ነበር፤ በርበሬው ከቅጠሉ ሥር ተገኘ። ከሰሉን ያቀጣጠለው ፎቶ አንሺያቸው ሰማን፣ የመጋዘኑ ባለቤት ልጅ፤ ምድጃውን ያስገባው ራምዚ፤ ቅጠሉን የደረበችው ሃኒ። ሦስቱም ነክተውታል።

በማግስቱ ተናኘወርቅ ሁሉንም እዚያው መጋዘን ሰበሰበቻቸው። የኪዱ አባት ጋሽ ገሠሠ ጆንያ ላይ ተቀመጡ።

«ይህን ፎቶ ሰማን በሰዓት ቆጣሪ፣ ራሱም ገብቶበት ያነሳው ለፖስተር ነው» አለች። «ከሰሉ ገና አልተቀጣጠለም። ራምዚና ሰማን ፊታቸውን አልሸፈኑም፣ ይሳሳቃሉ። አንቺ ግን አፍንጫሽን በሻሽ ሸፍነሻል።»

«ለአቧራው ነው» አለች ሃኒ።

«ለአቧራ ደረቅ ሻሽ ይበቃል። ከሻሽሽ የሚንጠባጠበው ውሃ ሸሚዝሽን አርሶታል። እናቴ መስቃን ውስጥ በርበሬ ስታምስ ነው ያደግኩት፤ ሻሿን የምትነክረው ምድጃው ላይ በርበሬ ልታደርግ ስትል ብቻ ነው። እዚህ ቤት በርበሬ እንደሚያር ከእሳቱ በፊት የምታውቂው አንቺ ብቻ ነበርሽ።»

ሃኒ መሬት መሬት አየች።

«ምስሉም አልተቋረጠብሽም። ካሜራው ከተቀመጠ በኋላ ከበሩ ውጭ ያለውን ድምፅ ይዟል። ያንቺ ድምፅ ነው። ‹እንዳትከፍት፣ በጣም ያምራል› ትያለሽ። ምንም ያላየ ሰው ያምራል አይልም።»

ሰማን ቀና ብሎ አያት። ራምዚ ፊቱን በእጁ ሸፈነ።

«በርበሬው ትንሽ ነበር» አለች ሃኒ በመጨረሻ። «እፍኝ እንኳ አይሞላም። ማስታወቂያውን ያዩት ሁሉ የኪዱ ሳል የውሸት ነው ብለው ሳቁበት። አንዴ የምር እንዲስልልኝ ፈለግኩ። ካሜራውን ሲያስቀምጠው አየሁ። ብርሃኑ ያምር ነበር። ለምስሉ ብሎ ያደረገው መሰለኝ።»

«ምልክቱን ማን ነው ያወጣው?»

«እኔ።»

ተናኘወርቅ ለራምዚ መሄድ ትችላለህ አለችው። እሱ ግን ከቦታው አልተነቃነቀም። ጋሽ ገሠሠ እጃቸውን ዘረጉ።

«እስቲ ልየው።»

ልታሳያቸው አልፈለገችም፤ እጃቸው ግን እንደተዘረጋ ቆየ። ካሜራውን ከፍታ ሰጠቻቸው። ትንሿ መስታወት ላይ የተዘጋ በር ይታያል፤ በሥሩ ቀጭን ብርሃን ይገባል። የኪዱ ሳል ከካሜራው ጀርባ እየደከመ ይሰማል። ምስሉ ግን ቀጥ ያለ ነው፤ እንደ ወደቀ ካሜራ አልተንጋደደም። ኪዱ ጆንያው ላይ አስተካክሎ ነው ያስቀመጠው።

«እያነቀው በሩን ለምን ይቀርጻል?» አሉ ጋሽ ገሠሠ።

ተናኘወርቅ መልሱን ታውቀዋለች፤ ግን ሃኒ ናት የመለሰችው።

«ስንከፍትለት እንዲቀርጸን።»