ረግረጉ ወዴት እንደሚፈስ

በ1921 ዓ.ም.፣ በክረምቱ መውጫ፣ የሁለቱ አውራጃዎች ወሰን ከእንግዲህ በውሃ ከፋዩ ላይ እንዲያልፍ ታወጀ፤ ይኸውም ዝናብ ወዲህና ወዲያ በሚለያይበት የጋራው ጀርባ ላይ ማለት ነው። ከጀርባው ወዲህ የሚወርድ ውሃ ሁሉ የታችኛው አውራጃ፣ ወዲያ የሚወርደው የላይኛው ሆነ። አዋጁ በተነበበ በሳምንቱ የላይኛው አውራጃ ገዢ ቦይ ቆፋሪዎች አሰለፉ፤ በጀርባው አጠገብ ያለው ረግረግ በካርታው ላይ የእርሳቸው ሆኖ ተገኝቷልና፣ ውሃውን ወደ አዲሱ የጦር ሰፈር ሊጠልፉት አሰቡ።

ያን ካርታ ከሃያ ስድስት ዓመት በፊት የሠራው ቀያሽ ወሬውን የሰማው በታችኛው አውራጃ ጽሕፈት ቤት፣ በመስኮቱ ሥር እርሳስ ሲቀርጽ ነው። ዋና ቀያሽ ሆኖ ሊሾም ሁለት ሳምንት ቀርቶት ነበር፤ ለሹመቱ ያበቃውም ይኸው ካርታ ነው። እርሳሱን አስቀመጠና በቅሎ አስጭኖ ወደ ታላቅ እህቱ ወረደ።

ከረግረጉ የምትወርደው ጅረት ርዝመቷ የሰዓት ተኩል መንገድ ቢሆን ነው። ከሸንበቆው ሥር እንደ ላብ ታንጠፈጥፋለች፤ ከግራና ከቀኝ የሚወርዱ ሦስት ፈፋዎችን ትቀበላለች፤ ከጥቁሩ ድንጋይ ላይ ዘልላ፣ የአሥራ አንድ ቤቶችን ጓሮ ዞራ፣ የእህቱን ወፍጮ ታሽከረክርና ትልቁ ወንዝ ውስጥ ገብታ ትጠፋለች። በካርታ ላይ ከፀጉር የማትወፍር መስመር ናት፤ ቀያሹ ግን የተወለደው ድምፅዋ በሚሰማበት ቤት ነበርና፣ ባሰመራት ቀን እንዳትቆሽሽበት እጁን ሁለት ጊዜ ታጥቦ ነበር።

ባለ ወፍጮዋ እህቱ ዱቄት እንደ ለበሰች ተቀበለችው።

«እታለም፣ ካርታው ረግረጉን ወዲያ ማዶ አድርጎታል» አላት።

«ካርታው ማነው ደግሞ? አንተ አይደለህም እንዴ?»

«ጉም ነበር። ቀያሽ ጉም ሲይዘው የድሮ መንገድ ይከተላል፤ የድሮ መንገድ ጭቃ ስለሚሸሽ ምንጊዜም በጀርባው ላይ ነው የሚሄደው። እኔም መንገዱን ተከትዬ የጋራውን ጀርባ አሰመርኩ።»

ወንፊቷን አስቀመጠች። «የቱን መንገድ? ከሸንበቆው በታች ያለውን?»

«እሱን።»

ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ ሳቀች። «ኧረ አንተ ሰውዬ። የድሮው መንገድ እኮ ከሸንበቆው በላይ ነው። የታችኛውን ያወጣው ሟቹ ባሌ ነው። አህያችን ነፋስ ፊቷን ሲመታት አልሄድም ብላ ትቆም ስለነበር፣ ጅረቷ ላይ ድንጋይ ደልድሎ በታች አዞራት።»

«እኔ እኮ ስሻገር ውሃ አላየሁም።»

«በድንጋዩ ሥር ነዋ የሚያልፈው። እንግዲህ ሁለት አውራጃ ያካለለችው የእኔ አህያ ናት በለኛ።»

ቀያሹም ሳቀ፤ ሳቁ ግን ቶሎ አለቀበት።

በማግስቱ አንድ ከረጢት ገለባ ይዘው ወጡ። እህቱ እስከ ቁርጭምጭሚቷ ገብታ፣ በሸንበቆው ላይኛው ዳር ገለባውን በተነችው፤ ገለባው ጥቂት ሲያመነታ ቆይቶ ቁልቁል ተሳበ፤ በድልድሉ ድንጋይ ሥር ተሰወረና ከታች፣ በጅረቷ ላይ፣ እየተንሳፈፈ ብቅ አለ። ቀያሹ ጎንበስ ብሎ አንዱን ዘለላ አነሣና በጣቱ መሐል አገላበጠው።

«ይህን ከተናገርክ ሹመቱ ይቀርብሃል?» አለችው።

«ይቀራል። አንድ መስመር የሳተ ቀያሽ የቀሩት መስመሮቹም ይጠረጠራሉ።»

እግሯን በሣር ጠረገች። «እኔ እህትህ ነኝ፤ ወፍጮዬ ቢቆም አንተው ትጦረኛለህ። ስለዚህ አልለምንህም። እነዚያ ከታች ያሉት አሥራ አንድ ቤቶች ግን የሚለምኑት ሰው እንዳለ እንኳ አያውቁም።»

ሲወርዱ ቀያሹ በቅሎውን ለእርሷ ለቅቆ በእግሩ ሄደ።

ሁለቱ ገዢዎች በታችኛው አውራጃ ጽሕፈት ቤት በተገናኙ ጊዜ፣ ቀያሹ ካርታውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ እጁን በረግረጉ ላይ አኖረ።

«ክቡራን ሆይ፣ ይህ መስመር ስሕተት ነው። ያሰመርኩት እኔ ነኝ።»

«ምን አሳሳተህ?» አሉ የላይኛው ገዢ።

«አህያ ናት፣ ጌታዬ።»

ጸሐፊዎቹ ሳቃቸውን በወረቀት ሸፈኑ። ገዢው ግን ነገሩን እስከ መጨረሻው አድምጠው፣ «ሌሎቹን መስመሮችህንስ በምን ልመናቸው?» ብለው ጠየቁ።

«ሰው ይላኩና ይርገጣቸው፣ ጌታዬ። እኔም ብሆን የምመክረው ይህንኑ ነው።»

ሰው ተላከ፤ ረግረጉም ታየ። የዚያን ዘመን ታሪክ የጻፉት ሰዎች የጦር ሰፈሩን መታነጽና የሁለቱን ገዢዎች መጨባበጥ ከነቀኑ መዝግበውታል፤ ስለ ጅረቷ የተረፈው ግን በካርታው ኅዳግ ላይ ያለ «ታረመ» የሚል አንድ ቃል ብቻ ነው፤ ማን እንዳረመው፣ ምን እንደከፈለበትም አልተጻፈም። ረግረጉ በታየበት ቀን ከሰዓት በኋላ ጸሐፊው ቆሞ እንዲህ ሲል አነበበ፦

«ረግረጉ የታችኛው አውራጃ ነው። ቦዩ አይቆፈርም። ቀያሹ ከዛሬ ጀምሮ ከቅየሳ ሥራ ተነሥቶ በመዝገብ ቤት እንዲያገለግል ተወስኗል።»