የማይሸሹት

ብታምኑም ባታምኑም ይህ በእኔ የደረሰ ነው። ያየሁትም በጨለማ አይደለም... በጠራራ ፀሐይ፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው።

ወደ ደሴቷ የሚሻገር ሰው ሁሉ መጀመሪያ ወደቡ ላይ ካለች የቆርቆሮ ክፍል ይገባል። በሩ ይዘጋል። ሻንጣው ነጭ ሸራ ላይ ይራገፋል፤ አይጥ ይዞ እንዳይሻገር።

ይህ ሁሉ ለወፎቹ ሲባል ነው፤ ዘራቸው የቀረው ደሴቷ ላይ ብቻ ነው። አርባ አንድ ጎጆ። እንቁላላቸውን የሚታቀፉት መሬት ላይ ነው። ጠላት አይተው ስለማያውቁ አይሸሹም።

ወፎቹን ላጠና ስሄድ፣ የእኔ ተራ ደረሰና የደሴቷ ጠባቂ ጋሼ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። ሻንጣዬን ሳራግፍ የውስጥ ልብሴን እንዳያዩ ብለው ነው። እኔ ግን ፍተሻው የቀረልኝ መሰለኝ።

“ጨረስሽ?”

“አዎ፣ ጋሼ።”

ማራገፍ እንደነበረብኝ ከክፍሏ ስወጣ ገባኝ። ግን... ለመናገር አፈርኩ። ሻንጣዬን ሳልፈታ ተሻገርኩ።

ደሴቷ ላይ ስደርስ የሻንጣዬ ጥግ ተበስቷል። አውራ ጣት የምታስገባ ቀዳዳ።

የተበሳው ከውስጥ ነው።

በአራተኛው ቀን፣ አይጥ መግባቱን ለማወቅ ያስቀመጥነው ሰም ላይ የአይጥ ጥርስ ምልክት አገኘን። ጋሼ ባሻገረን ባለጀልባ ላይ ጮኹ።

“አንተ ነህ ያመጣኸው! ሁለተኛ እዚህ እንዳላይህ!”

“አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ አሉ!” ብሎ ሊስቅ ሞከረ።

ማንም አልሳቀለትም። ተባረረ። እኔ ዝም አልኩ።

በሳምንቱ አንዲት ወፍ አየሁ። ጀርባዋ ተበልቷል... አጥንቷ ይታያል። እንቁላሏን እንደታቀፈች በእርጋታ ታየኛለች።

መርዝ ልናመጣ ከደሴቷ ወጣን፤ ጭነን እኔና ጋሼ ብቻ ስንመለስ ሁለት ወር ሞልቶ ነበር።

የወፍ ድምፅ የለም።

“አትንቀሳቀሺ...” አሉ ጋሼ በሹክሹክታ።

የመጀመሪያው ጎጆ ውስጥ አይጥ ተቀምጧል። ከሥሩ ነጭ ነገር ብቅ ብሏል። እንቁላል... ያልተነካ።

ሁለተኛውም ጎጆ እንደዚያው። ሦስተኛውም።

አርባ አንዱም።

አጨበጨብኩ። አንድም አልሸሸም። ሁሉም አንገታቸውን አዞሩ... ወደ እኔ ብቻ።

“ያውቁሻል እንዴ?”

ነገርኳቸው። የቆርቆሮዋን ክፍል፣ ሻንጣዬን፣ ቀዳዳዋን... ሁሉንም።

ጋሼ እንደዚያን ዕለት ፊታቸውን አዞሩ። ከዚያም ብቻቸውን ጀልባዋ ላይ ወጥተው ሞተሩን አስነሱ።