ግድግዳው የቀላ ዕለት

ባንቻየሁ ሥራዋን የምትጀምረው በማፈር ነው። ማርስ ውስጥ በተቆፈረችው ጣቢያ ይህን እንደ ጉድ የሚያይ የለም፤ የሚበይድ አለ፣ አየር የሚያጣራ አለ፣ የሚያፍር አለ።

ቅላት የሚባለው ማዕድን ከተራው ድንጋይ የሚለየው በአንድ ነገር ብቻ ነው፤ ያፈረ ሰው ሲጠጋው ይቀላል። ሌላ ጊዜ ቢፈልጉት አይገኝም። ስለዚህ ኩባንያው ይሉኝታ የሚያጠቃቸውን ሰዎች እየመረጠ ይቀጥርና "አፋሪ" ይላቸዋል። ለእያንዳንዱ አፋሪ ደግሞ አንድ "አሳፋሪ" ይመደባል፤ ሥራው ማሳፈር፣ ግድግዳው ሲቀላም በመዶሻ መንቀል ነው። የባንቻየሁ አሳፋሪ ወንድይፍራው ነው። መታወቂያው ላይም "አሳፋሪ" ተብሎ ተጽፏል፤ እናቱ እስካሁን አላዩትም።

ተነቅሎ የተሞረደ ቅላት ግን የያዘውን ሰው ሐፍረት ምጥጥ አድርጎ ይጠጣል። ወደ ምድር ተጭኖ በቀለበትና በአንገት ጌጥ መልክ ይሸጣል። ዋነኞቹ ደንበኞች ቤት አከራዮች፣ የስብሰባ መሪዎችና እምቢ የተባሉበት ቤት ዳግመኛ ሽማግሌ የሚልኩ ወንዶች ናቸው።

ወንድይፍራው ሁልጊዜ የሚጀምረው በሙገሳ ነበር። ሌሎቹ አፋሪዎች ስድብ ይፈልጋሉ፤ ባንቻየሁ ግን ስትመሰገን የምትገባበት ይጠፋታል። "ይቺን ልጅ እዩልኝ፣ ይሄን መልክ ይዛ ከድንጋይ ጋር ትውላለች" ሲል አንገቷን ትደፋለች፣ ድንጋዩ ይቀላል፣ እሱ መዶሻውን ያነሳል።

ያን ዕለት ግን ገና አፉን ሳይከፍት ዋሻው ቀላ። የለመዱት ጥፍር የሚያህል ነጠብጣብ ነው። አሁን ግን ከወለል እስከ ጣራ፣ እስከ መታጠፊያው ድረስ፣ በርበሬ የተሰጣበት ግቢ መሰለ።

"ምን አድርገሽ ነው አንቺ?" አለ ወንድይፍራው። ሊስቅ ሞክሮ ሳቁ አልመጣለትም።

"ምንም። አላፈርኩም እኮ።"

"ሳይታወቅሽ ይሆናላ።"

"ወንድይ፣ እንጀራዬ እኮ ነው። ሳፍር አውቀዋለሁ።"

እውነቷን ነው። የእሷ ሐፍረት ከጆሮዋ ተነስቶ ወደ አንገቷ የሚወርድ ሙቀት ነበር። ጆሮዋን ነካችው፤ ቀዝቃዛ ነው።

"እስቲ እስከ በሩ ሂድ" አለችው።

ሄደ። ግድግዳው ጠቆረ።

"አሁን ና።"

መጣ። ቅላቱም አብሮት መጣ፣ የሚረግጠው ወለል ሳይቀር።

"አንተ ነህ።"

"እኔ? እኔ ደግሞ ምን አለኝ?"

ይህን ሲል ጣራው ይበልጥ ደመቀ። ወንድይፍራው ቀና ብሎ አየውና ሁለተኛ ሊክድ አልሞከረም።

ባንቻየሁ በመጀመሪያ ሰርቆ እንደሆነ ጠረጠረች። ቀጥሎ ጠዋት የሆነው ትዝ አላት። ቁርስ ላይ የራሱን ድርሻ ወደ እሷ ሳህን ገፍቶ "በሞቴ ብይ" ብሏታል። ስትገባ ወሬው ጸጥ ብሏል። ሰላምታ የማያውቀው የአየር ማጣሪያ ሠራተኛ እንኳ "እንዴት አደርሽ እህቴ" ብሏታል። መርዶ የሚነገረው ሰው፣ ጉልበት እንዲሆነው፣ አስቀድሞ እህል እንዲቀምስ ይደረጋል። ይህን ልማድ ማርስ ድረስ ይዘውት መጥተዋል።

"ማን ነው?" አለች።

"ባንቺ..."

"አባቴ ነው?"

"እኔ ብቻዬን አልነግርሽም። ሰው ተሰብስቦ፣ ተቀምጠሽ ነው እንጂ፣ እንዲህ መዶሻ ይዤ አይሆንም።"

"መቼ ሰማህ?"

"እኔ ማታ ነው። አለቃችን እትዬ ሙሉሸዋ ግን ከሰሙ ሰንብተዋል። የጭነት መንኮራኩሯ ነገ እስክትነሳ እንቆይ አሉ። ሐዘን ላይ ያለ አፋሪ አያስቀላም ብለው። ዛሬን ብቻ አሉኝ። እሺ አልኩ።"

ሐዘን ለቅላት እንደማይሆን ሁሉም ያውቃል። በሚያለቅስ ሰው ፊት ድንጋይ ድንጋይ ነው።

"አባቴ አፈር ገብቶ" አለች ባንቻየሁ ቀስ ብላ፣ "እኔ እዚህ ቆንጆ ነሽ እየተባልኩ ስሽኮረመም ከረምኩ በለኛ።"

ወንድይፍራው መዶሻውን አስቀመጠ። በሬዲዮ የጣቢያዋን አለቃ፣ ወይዘሮ ሙሉሸዋን ጠራቸው።

በቱታቸው ላይ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ የምግብ ቤቱን ሰዎች አስከትለው መጡ። ተከታዮቹ በገቡበት ሁሉ ግድግዳው ቀላ። ከወይዘሮ ሙሉሸዋ ጀርባ ብቻ ሰው የሚያህል ጥቁር ቦታ ቀረ።

"ልጄ ባንቻየሁ" አሉ፣ "አባትሽ አቶ እንግዳወርቅ አርፈዋል። ቀብራቸውም በደንብ ተፈጽሟል። እግዚአብሔር ያጽናሽ።"

ድምፃቸው አልተሰበረም። የበረራ ሰዓት የሚያስታውቁ ይመስሉ ነበር። ሴቶቹ ማልቀስ ጀመሩ፣ አንዷም ባንቻየሁን ልትደግፋት ክንዷን ያዘች። ባንቻየሁ አላለቀሰችም። ያንን ጥቁር ቦታ ታይ ነበር።

"እትዬ፣ ኪስዎ ውስጥ ያለውን ያውጡት።"

"ምኑን?"

"ያውጡትና እንደገና ይንገሩኝ። የአባቴን መርዶ እንዲህ አልቀበልም።"

ወይዘሮ ሙሉሸዋ ወደ ሌሎቹ ዞሩ። የሚያግዛቸው አልተገኘም።

"ያለሱ አልቻልኩም እኮ ልጄ" አሉ። "ከሰማሁ ጀምሮ በየጠዋቱ ልነግርሽ በርሽ ድረስ እየመጣሁ ስመለስ ነበር። በኋላ ለጭነቱ ነው አልኩ። ለጭነቱ ነው ማለት ይቀላል።"

ከኪሳቸው የተሞረደ ቅላት አወጡ፣ ጎንበስ ብለው መሬት ላይ አስቀመጡትና ራቁት። ከጀርባቸው ያለው ጥቁር ቦታ ጠርዝ ጠርዙን መቅላት ጀመረ፣ ከዚያ መሐሉ ነደደ፣ ከዚያ የሌሎቹን ሁሉ ዋጠው። ጣቢያዋ ከተቆፈረች ወዲህ እንደዚያ ያለ ቀይ ታይቶ አያውቅም። መዶሻ ያነሳ ሰው አልነበረም።

"አባትሽ..." አሉ ወይዘሮ ሙሉሸዋ። የነጠላቸውን ጫፍ አፋቸው ውስጥ አስገቡ። "አባትሽ..."

ከዚያ ማለፍ አልቻሉም። ባንቻየሁ ሄዳ ትከሻቸውን ያዘችና ያኔ ጮኸች።