ሚልካ የጠቀለለቻቸው ስልኮች

ማዕረግ ሚልካን ያወቃት የተሰነጠቀ የስልክ መስታወት ሊያስቀይር ዌስትላንድስ ሰፈር ወደሚገኘው የአጎቷ ሱቅ በገባ ቀን ነው። ስልኩ ተሠርቶ ካለቀ በኋላም ዝናቡን አመካኝቶ ቆየ፤ እሷም ዝናቡ ማባራቱን አልነገረችውም።

ከዚያ ወዲህ የጃካራንዳው ዛፍ ሁለቴ አበበ። ማታ ማታ መንገዱን በሸፈነው ሐምራዊ አበባ ላይ እየተራመዱ ኪሌሌሽዋ እስካለው ቤቷ ይሸኛታል። ብዙም አያወሩም፤ ዝምታው ራሱ ይጥማቸው ነበር።

አጎቷ ጋሽ ካሣሁን ግን ማዕረግ ለጋብቻ ለላካቸው ሽማግሌዎች፣ «መጀመሪያ የራሱን ሥራ ይያዝ» ብለው መለሷቸው።

ማዕረግ ቸኮለ። ኢንተርኔት ላይ ያገኘው ሰው አንድ የክሪፕቶ፣ ማለትም የኢንተርኔት ገንዘብ፣ መላኪያ ሶፍትዌር ሸጠለት። በእሱ የተላከ ገንዘብ በተቀባዩ ስልክ ላይ ይታያል፤ ከሦስት ቀን በኋላ ግን ደብዛው ይጠፋል። «ነግጄ ሳተርፍ እመልሰዋለሁ» ሲል ራሱን አሳመነ። ክፍያውን ሳይጠራጠር የሚቀበለው ሱቅ ደግሞ አንድ ብቻ ነበር።

ቅዳሜ ጠዋት ስድስት ስልክ አዘዘ። ሚልካ ስልኳን አየት አደረገች፤ ገንዘቡ ገብቷል።

«ሥራ ልትጀምር ነው?» አለች። ዐይኖቿ በሩ።

ስልኮቹን አንድ በአንድ ስትጠቀልልለት ጣቶቿን አያቸው።

«ተዪው ሚልካ። የላክሁልሽ ገንዘብ የውሸት ነው።»

ሁሉንም ነገራት። ዝም አለች፤ እሱ የለመደው ዝምታ ግን አልነበረም።

«እስቲ የራስህን ዋሌት ክፈተው» አለችው በመጨረሻ።

ክሪፕቶውን የሚያስቀምጥበት የስልኩ ቦርሳ ባዶ ነው፤ የሁለት ዓመት ቁጠባው የለም። ሶፍትዌሩን ሲጭን የዋሌቱን የሚስጥር ቃላት አስገብቶ ነበር፤ ሻጩ ጠራርጎ ወስዶታል።

«እኔን ልታታልል ስትል ተታለልህ» አለች በቀስታ።

«ለጋሼ እኔው እነግራቸዋለሁ» አለ ማዕረግ።

ነገራቸው። ጋሽ ካሣሁን በሩን አሳዩት።

ከወራት በኋላ በቤተ ክርስቲያናቸው የወጣቶች ጉባኤ ላይ ማዕረግ ተነሥቶ ቆመ። ያደረገውን ሳይደብቅ ተናገረ። «እንዲህ ያለ ሶፍትዌር የሚሸጥላችሁ ሰው መጀመሪያ የሚሰርቀው እናንተን ነው። እኔ ግን የተሰረቅሁት ልሰርቅ ስል ነው» አለ። አንዳንዱ አንሾካሾከ። ሚልካ ከኋላ ተቀምጣ ታዳምጥ ነበር።

ሲወጣ በሩ ላይ ጠበቀችው።

«አልረሳሁትም» አለችው። «እስክረሳው ግን አጠገቤ ሁን።»

በቀጣዩ ዓመት፣ በጥር፣ ማዕረግ የራሱን ሥራ ከያዘ በኋላ በጋሽ ካሣሁን ምርቃት ተጋቡ። ረስታው እንደሆነ ማዕረግ አልጠየቃትም።