ሳላገባ አላደርግም

ለሐረር ሕዝብ በሙሉ ይታወቅ ዘንድ፦ በ፲፱፻፷፬ ዓ.ም. በአንድ ማክሰኞ ጠዋት የዐብዱሰመድ ጨርቅ ሱቅ እንደ ወትሮው ተከፈተ። ከሱቁ በላይ ባለው ክፍል ያደረችው ጃሚላ ግን አልነቃችም።

ከሶፊ ገጠር ጫት ይዛ ስትመጣ አይቶ፣ ሐር አልብሶ ፎቶዋን ፈረስ መጋላ አደባባይ ላይ የሰቀለው ይኸው ነጋዴ ነበር። ከሱቅ ፎቶ ወደ ቀን መቁጠሪያ፣ ከዚያ አዲስ አበባ ቴሌቪዥን፦ መጀመሪያ የሳሙና ማስታወቂያ፣ ቀጥሎ ድራማ። አሁን የመጣችው ከአዲስ አበባ በመጣው አዘጋጅ በገብረመድኅን ፊልም ላይ ሙሽራ ልትሆን ነው። ጀጎል ሁሉ ያውቃታል፤ ራቷን የምትበላው ግን ብቻዋን ነበር።

ፖሊስ ጣቢያው ጥፋተኛውን አግኝቶ ጨርሷል፤ የክፍሉ ቁልፍ ያለው ከቤት ጠባቂዋ ከአዴ ዘቢባ ዘንድ ነው። እስከ ማታ ሌላ ሰው ካልተገኘ ወህኒ ይወርዳሉ። የጀጎሉ ልጅ መቶ አለቃ በክሪ ግን ሬሳውን ሳያይ ክሱን መፈረም አልወደደም።

ጃሚላ የተኛች ትመስላለች። ጸጉሯ ከጆሮዎቿ ኋላ ሁለት ቦታ ተጠቅልሎ ጥቁር መረብ፣ ጉፍታ፣ ተደርጎበታል። መረቡን ቀስ ብሎ ገለጠው። ከሥሩ ጭንቅላቷ ተፈንክቷል። ክፍሉ ሁሉ አቧራ ለብሶ የድንጋይ መደቡ ጠርዝ ብቻ ታጥቧል።

ዐብዱሰመድ እያለቀሰ እንደ አባት ያሳደግኋት እኔ ነኝ አለ። ገብረመድኅን እንደ እህቴ ነበረች፣ አንድም ቀን ክፉ ቃል አልተነጋገርንም፣ ማታም በሩ ላይ ተሰናበትኳት አለ። አዴ ዘቢባ እንደ ልጄ ነበረች አሉና ወደ መሬት አዩ።

«ምን ሰሙ?» አላቸው በክሪ።

«ነውር ነው ልጄ። ማታ ከአንድ ወንድ ጋር ተዘግተው ‹ሳላገባ አላደርግም› ስትል ሰማሁ። አፍሬ ሄድኩ።»

ሁሉንም ሱቁ ውስጥ ሰበሰባቸው።

«አዴ ዘቢባ፣ የራስ ቁስል ቢደብቁ በምን ይሸፍኑታል?»

«በሻሽ።»

«በጉፍታስ?»

«ላላገባች ልጅ? ምን ነካህ።»

ዐብዱሰመድ ሳቅ አለ፤ ወዲያው ሐዘንተኛ መሆኑ ትዝ አለው።

«ራሷ አድርጋው ይሆናላ» አለ ገብረመድኅን። «የሐረር ሴት ሁሉ ታደርገው የለም?»

«ያገባች ሁሉ» አለ በክሪ። «ጉፍታ የባለትዳር ነው። ይህን እዚህ ካለነው የማያውቅ አንድ ሰው ብቻ ነው፦ እርስዎ። ጃሚላ ‹ሳላገባ አላደርግም› ያለችው አዴ ዘቢባ የፈሩትን አይደለም፤ ለፊልሙ ያመጡትን ይህን መረብ ነው። ገፈተሯት፣ መደቡ ላይ ወደቀች። ደሙን አጠቡ፣ ቁስሉን ሸፈኑ። የፈለጓትን ሙሽራም አገኙ።»

ገብረመድኅን «ገፋ ነው ያደረግኋት» አለ ቀስ ብሎ።

እጁ ታስሮ ሲወጣ ሼኹ ቃሬዛ ካስያዟቸው ሰዎች ጋር በሩ ላይ ደረሱ። አላህ ይርሐማት ብለው፣ መቃብሩ ላይ ለሟች በሚነበበው ምክር፣ በተልቂን፣ ሟቿ በእናቷ ስም ስለምትጠራ የእናቷን ስም ጠየቁ።

«አባትየው» ዐብዱሰመድ አዴ ዘቢባን አየ። እሳቸው «ወንድምየውን» ገብረመድኅንን አዩ። እሱም እጁ እንደታሰረ ቆሞ መልሱን ጠበቀ።

ሼኹ ያልተሰሙ መስሏቸው ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ደገሙት።