ሲፈልጉት የሚሸሸው ድንጋይ

በሁርዛን ነገሥታት አቆጣጠር በሦስት መቶ ዐሥራ ሁለተኛው ዓመት፣ ውርጭ በገባ በአርባኛው ቀን ረፋድ ላይ፣ የቀልማ ተራራ ቆፋሪዎች እንደ ወትሯቸው «ፍየል ጠፍቶብን ነው» እያሉ ወደ ጉድጓዱ ይገቡ ነበር፤ በእጃቸው ዶማና መሮ፣ በትከሻቸው ደግሞ የፍየል ገመድ ይዘው። በቀልማ ፍየል ያረባ ሰው ኖሮ አያውቅም። ነገር ግን ኔማ የተባለው ሰማያዊ ድንጋይ፣ ጡብ የምታህል ስባሪው አንድን ቤት የብርዱን ወራት ሙሉ የምታሞቀው፣ ጆሮ ነበረው፤ ከጆሮው የባሰ ደግሞ ኩራት ነበረው። «እንፈልግሃለን» ሲሉት ወደ ጥልቁ ይሸሻል፤ የሚፈልገው እንደሌለ ሲመስለው ብቻ ከዐለቱ ብቅ ይላል። ስለዚህ አባቶቻችን የፍየሏን ነገር ፈጠሩ፤ እኛም ሳናፍር ወረስነው።

የዚህ ሥርዓት ዋና ጠባቂ የጉድጓድ አለቃ ዱርማክ ነበር። ዕድሜው ሃምሳ ሁለት ሲሆን፣ ሙያው አጥንቱ ድረስ ዘልቆ ስለገባ ከጉድጓዱ ውጭ እንኳ የሚፈልገውን ነገር በስሙ ጠርቶ አያውቅም፤ ሲርበው «ጠግቤያለሁ» ይላል፤ ሲበርደው ካባውን ያወልቃል። ኢሊሻን ዐሥራ ሁለት ዓመት ወዷታል፤ በጉድጓዱ አፍ ለቆፋሪዎች የገብስ ሾርባ የምታበስለውን፣ ባሏ ሞቶባት ከዓሣ አጥማጆች አገር የመጣችውን ሴት። ይህን ከእሷ በቀር መንደሩ ሁሉ ያውቃል።

ያን ዕለት ኢሊሻ ጭልፋዋን እንደያዘች «አለቃ ዱርማክ፣ ነጋዴዎቹ ዛሬ ከሰዓት ይነሣሉ፤ እኔም አብሬያቸው አገሬ ልገባ ነው» አለችው።

ዱርማክ ሾርባው ላይ አፈጠጠ። «መልካም ነው። እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?»

«ቅሪ የሚለኝ ሰው ቢኖር እቀር ነበር።»

«ማን ይልሻል? በይ፣ ፍየሌን ልፈልግ» ብሎ ወደ ጉድጓዱ ገባ።

ሽማግሌው ቆፋሪ ፊርቦ እየሮጠ ደረሰበት። «አንተ ደንቆሮ! ሴትየዋ ድንጋይ ናት እንዴ?»

«ፊርቦ፣ ከተናገርኩ ትሸሻለች።»

«ካልተናገርክስ? ዕቃዋን አስራለች እኮ!»

ዱርማክ መልስ ከመስጠቱ በፊት ተራራው በነጋሪት ተናወጠ። የንጉሡ አጥንት በብርድ ተይዞ ስለነበር የምድጃ ሹሙ ክቡር ዘርቡላን በአርባ ነጋሪት መቺና በወታደሮች ታጅበው መጥተው ነበር፤ ማንንም ሳይጠይቁ እስከ ሰማያዊው ዐለት ድረስ ዘለቁና አዋጃቸውን ዘርግተው «ግርማዊነታቸው ኔማን እጅግ አድርገው ይሻሉ!» ብለው ሦስት ጊዜ ጮኸው አነበቡ። ቆፋሪዎቹ የድንጋዩን ጆሮ ሊያፍኑ ካባቸውን ግድግዳው ላይ ቢለጥፉም አልሆነላቸውም፤ የመጨረሻው ነጋሪት ዝም ሲል ሰማያዊው ሁሉ ጠፍቶ አመድማ ዐለት ቀረ።

«ድንጋዩ አሁኑኑ ካልወጣ» አሉ ሹሙ፣ «አለቃው በእግር ብረት ወደ መዲናው ይሄዳል።»

ፊርቦ ጎንበስ ብሎ «ክቡርነትዎ፣ ያባረሩት እርስዎ ስለሆኑ እርስዎ ራስዎ ፍየል ጠፍቶብኝ ነው ይበሉት» አላቸው።

«እኔ? የሰባት ጎሣ ጌታ? ፍየል?»

«ታዲያ በግ ይበሉ፤ እኛ አንከራከርም።»

ሹሙ ብዙ አንገራግረው በመጨረሻ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ፍየላችን ጠፍታለች፤ ኔማን በፍጹም አንሻም» አሉና፣ አላስችል ቢላቸው ጊዜ «ብቻ ትንሽ ቢገኝ አንጠላም» ሲሉ ጨመሩ። ዐለቱ ሲጥጥ ብሎ ድንጋዩ አንድ ክንድ ወደ ውስጥ ሲገባ ሁሉም ሰማ።

ኢሊሻ የመንገድ ካባዋን ደርባ፣ ልትሰናበት የወረደችው በዚህ መካከል ነው። ወታደሮቹ የእግር ብረቱን ሲያቀርቡ አየች፤ ዱርማክንም አየችው። «ደህና ሁን አለቃ። ጉሮሮህን ሲይዝህ ሾርባው ላይ ዝንጅብል ጨምርበት» አለችና ዞረች።

ዱርማክ ዶማውን ጣለው። እንዲህ ያለ ፍርሃት ጉድጓድ ሲናድበት እንኳ ተሰምቶት አያውቅም።

«ኢሊሻ፣ አትሂጂ! ፍየል የለኝም፤ ኖሮኝም አያውቅም። ዐሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ የምፈልገው አንቺን ነው!»

ሹሙ ደነገጡ። «ድንጋዩስ?»

«ድንጋዩ ገደል ይግባ! ምን ይሠራልኛል? ሌላ ዐለት ሥር ገብቶ ይበስብስ!»

ኔማ ሦስት መቶ ዓመት የፍየሏን ውሸት ሰምቶ ሰልችቶት ኖሮ፣ ከልቡ የማይፈልገው ሰው ሲያጋጥመው ያ የመጀመሪያው ነበር፤ ክብሩ ተነካበት። ዐለቱ ተሰነጠቀ፤ በርሜል የሚያህል ሰማያዊ ድንጋይ እየተንከባለለ መጥቶ የምድጃ ሹሙ እግር ላይ ዐረፈ፤ ከኋላውም ሌላው፣ ሌላውም ተከተለ። ክቡርነታቸው በመዲናው የማይነገር ቃል ተናገሩ።

ኢሊሻ ወደ ድንጋዩ ዞር ብላ አላየችም። «አንተ ሰውዬ፣ ይህን ለማለት ዐሥራ ሁለት ዓመት ሾርባዬን ጠጣህ?»

«ሾርባሽ ጨው ይበዛዋል» አለ ዱርማክ በለመደ አፉ፤ ወዲያው ግን «ውሸቴን ነው፤ እወደዋለሁ። አንቺንም እወድሻለሁ» አለ።

«ድገመው።»

ደገመው። እሷ ግን አልሸሸችም፤ ካባዋን አውልቃ ለፊርቦ አስያዘችው። ነጋዴዎቹ ከሰዓት ያለ እሷ ሄዱ።

የዚያ ዓመት የቤተ መንግሥት ዜና መዋዕል በእጄ ገብቶ አንብቤዋለሁ። «በክቡር ዘርቡላን አዋጅ ግርማ ተራራው ርዶ ኔማን በእግራቸው ሥር አፈሰሰ» ይላል። ይህን ያመኑት ተተኪ ሹማምንት በየዓመቱ ነጋሪት እየላኩ ተራራውን ቢጮኹበት፣ በሠላሳ ዓመት ውስጥ ድንጋዩ ገመድ ወደማይደርስበት ጥልቅ ወረደ፤ ዛሬ ቤተ መንግሥቱም እንደ እኛው ኩበት ያነዳል። ዱርማክና ኢሊሻ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት አብረው ኖረው በአንድ የብርድ ወራት ተከታትለው ሞቱ፤ ስማቸውን በዜና መዋዕሉ ከዳር እስከ ዳር ፈልጌ አጣሁት። በዚያች ቀን ተራራው የሰማው የአንድ ፈሪ ሰው እውነተኛ ቃል መሆኑን ከእኛ ከቀልማ ሰዎች በቀር የሚያውቅ የለም፤ እኛን ደግሞ የጠየቀን የለም።